መቀናጆና ቅንጅት፦ የፓርቲዎች ጥምረት ለምን አይበረክትልንም?

ጎጃም ውስጥ አንድ በሬ ብቻ ያለው ገበሬ ድኻ ይባል ይሆናል እንጂ ሥራ ፈት አይባልም። እንደ እርሱ ባለ አንድ በሬ የሆነ ጎረቤት ፈልጎ ሁለቱን በሬዎች በአንድ ቀንበር ያውላል፤ ይህም መቀናጆ ይባላል። ከደብረ ማርቆስ በስተ ደቡብ፣ ወደ ዐባይ ሸለቆ በሚያዘቀዝቀው በባሶ ሊበን ወረዳ፣ በይጁቤ አካባቢ ያደግን ሁሉ ሥርዓቱን ከልጅነታችን እናውቀዋለን። አባቴም አንዱ በሬ በሞተበት ዓመት ከጎረቤታችን ጋር ተቀናጅቶ አርሷል። ስምምነቱ በወረቀት አልሰፈረም፤ ነገር ግን ሳይነጋገሩበት የቀረ ጉዳይ አልነበረም። የእርሻው ቀን ተራ በተራ ነው። መኖውን ማን እንደሚያቀርብ፣ አንደኛው በሬ ቢታመም ምን እንደሚደረግ፣ ዝናቡ ቀድሞ ቢጥል የማን ማሳ እንደሚቀድም አስቀድሞ ተወስኗል። ከሁሉም በላይ ስምምነቱ መጨረሻ ነበረው፤ ዘሩ ሲያልቅ እያንዳንዱ በሬውን እየነዳ ወደ በረቱ ተመለሰ። ጎረቤታችን የአባቴን በሬ የራሱ ለማድረግ አላሰበም፤ አባቴም የጎረቤቱን ማሳ አልተመኘም። በሚቀጥለው ዓመት ሰላምታቸው እንደ ነበረ ነበር።

በ1997 ዓ.ም. አራት ፓርቲዎች አንድ ላይ ሆነው «ቅንጅት» ብለው ሲሰየሙ፣ የመረጡት ቃል ከዚሁ ከገበሬው የቃል ዘር የወጣ ነው። ስሙ ከእርሻው ተወሰደ፤ ሕጉ ግን እዚያው እርሻው ላይ ቀረ። ይህ ጽሑፍ ለምን እንደዚያ እንደ ሆነ ለመጠየቅ የሚሞክር ነው። (ዓመታቱ በኢትዮጵያ አቆጣጠር ናቸው፤ ስለ ሕንድ ሲነሣ ብቻ በአውሮፓ አቆጣጠር ይሆናል።)

ስለ ጉዳዩ ሲነሣ ዘወትር የምንሰማው መልስ አጭር ነው፤ «እኛ ኢትዮጵያውያን ለመስማማት አልታደልንም» የሚል። ይህን መልስ አልቀበለውም። ዕድርን ለትውልድ የሚያሻግር፣ ሰንበቴን ሳያቋርጥ የሚጠጣ፣ በወንፈል የሚያጭድና በመቀናጆ የሚያርስ ሕዝብ መስማማትን ከማንም መማር አያስፈልገውም። ችግሩ ሌላ ቦታ ነው። እርሱን ለማግኘትም ጥቂት ወደ ኋላ መመለስ ግድ ይላል።

ፓርቲ የሌለው ምክር ቤት

በ1948 የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ለሕግ መምሪያ ምክር ቤት አባላት በሕዝብ እንዲመረጡ ፈቀደ፤ የመጀመሪያውም ምርጫ በ1949 ተካሄደ። ነገር ግን ፓርቲ የሚባል ነገር አልነበረም። ተመራጩ በስሙ፣ በሀብቱና በዝምድናው ይቆማል፤ አዲስ አበባ ከገባ በኋላ የላከውን ሕዝብ ከእርሱ ጋር የሚያገናኝ ገመድ የለም።

የዚህ ጉድለት ዋጋ የታወቀው በእኛው ጎጃም ነው። በ1960 የእርሻ ገቢ ግብር አዋጅ በዚያው ምክር ቤት አልፎ ወጣ። አዋጁ በወረቀት ሲታይ ገቢው ከፍ ያለው የበለጠ እንዲከፍል የታሰበበት ነበር። የጎጃም ገበሬ ግን የታየው ሌላ ነው፤ ማሳው ሲለካና ምርቱ ሲገመት ርስቱን የሚያጣ መሰለው። ባለሥልጣናቱንም አላመነም። ግምገማውን እንቢ አለ፤ ነገሩም ወደ መሣሪያ ዞረ። ጦር ተላከ፤ አውሮፕላንም ዘመተ። በመጨረሻ ንጉሠ ነገሥቱ አገረ ገዥውን ደጃዝማች ፀሐዩ እንቁሥላሴን ከጎጃም አነሡ፤ ውዝፍ ግብሩም ተማረ።

ገበሬው አሸነፈ ማለት ይቻላል። ነገር ግን ከድሉ በኋላ የቀረለት ድርጅት፣ ጥያቄውን ይዞ ምክር ቤት የሚገባ ወኪል፣ ከወሎው ወይም ከባሌው ገበሬ ጋር የሚያገናኘው ድልድይ አልነበረም። ባሌ በዚያው ዘመን በራሱ ምክንያት አምጾ ነበር፤ ሁለቱ ግን ለየብቻቸው ነደዱ፣ ለየብቻቸው በረዱ። ፓርቲ በሌለበት አገር ምሬት ያለ ጠበንጃ መናገሪያ አያገኝም፤ ጥምረት በሌለበት ደግሞ አንዱ ምሬት የሌላውን ምሬት አያውቀውም። ይህን ዐረፍተ ነገር አንባቢ እንዲይዝልኝ እለምናለሁ፤ ወደ መጨረሻው እመለስበታለሁ።

ከአብዮቱ እስከ ግንባሩ

ፓርቲዎቹ ሲመጡ በስደትና በኅቡዕ መጡ። መኢሶን በ1960፣ ኢሕአፓም በ1964 የተመሠረቱት በጀርመን ምድር ነው። በ1969 ደግሞ መኢሶን፣ ወዝ ሊግ፣ ማሌሪድ፣ ኢጭአትና አብዮታዊ ሰደድ የኢትዮጵያ ማርክሲስት ሌኒኒስት ድርጅቶች ኅብረትን (ኢማሌድህን) አቋቋሙ። አምስቱ አንድ ቀንበር ሥር ገቡ ተባለ፤ ነገር ግን ከአምስቱ አንዱ፣ ሰደድ፣ የወታደራዊው ደርግ የራሱ ድርጅት ነበር። መኢሶን በዚያው ዓመት ነሐሴ ላይ ጥሎ ሲወጣ ተሳደደ፤ ሌሎቹም በተራቸው ተበሉ። መንግሥትና ጠበንጃ በአንደኛው አባል እጅ ብቻ ባሉበት ኅብረት ውስጥ የሌሎቹ ድርሻ ተራቸውን መጠበቅ ነው።

በ1980ዎቹ መባቻ ሕወሓትና ኢሕዴን የመሠረቱት ኢሕአዴግ ከዚህ የተለየ ነበር፤ ዕድሜውም ረዘመ። ኦሕዴድና የደቡቡ ድርጅት ከተጨመሩ በኋላ አራቱ አባላት በምክር ቤቱ እኩል 45፣ 45 ወንበር ነበራቸው፤ ድምሩ 180። የሶማሌ፣ የአፋር፣ የቤንሻንጉል ጉሙዝ፣ የጋምቤላና የሐረሪ ድርጅቶች ደግሞ «አጋር» ተብለው ከውሳኔው ጠረጴዛ ውጭ ተቀመጡ። በወረቀት እኩል የሆኑት አራቱም ቢሆኑ በተግባር እኩል አልነበሩም፤ ዴሞክራሲያዊ ማዕከላዊነት የተባለው አሠራር ልዩነት በአደባባይ እንዳይነገር አድርጎ ነበር። ልዩነቱ ግን አልጠፋም፤ ተከማቸ። በ2010 መሪነቱ ከእጅ ወደ እጅ ሲያልፍ ግንባሩ ተናጋ፤ በኅዳር 2012 ወደ ብልጽግና ፓርቲነት ሲለወጥ ሕወሓት አልገባም አለ። አንድ ዓመት ሳይሞላ፣ ጥቅምት 24 ቀን 2013፣ ጦርነት ተነሣ። ለጦርነቱ ብዙ ምክንያት አለው፤ ከእነዚያ አንዱ ግን ለሠላሳ ዓመት አብረው የኖሩ ድርጅቶች የመለያያ ሕግ ሳይኖራቸው መኖራቸው እንደ ሆነ እኔ አልጠራጠርም።

የ1997ቱ ተስፋ

አሁን ወደ ዋናው ጉዳይ እንግባ። ሁለት ጥምረቶች ነበሩ። የመጀመሪያው በ1995 ማብቂያ በዋሽንግተን የተመሠረተውና ዶክተር በየነ ጴጥሮስና ዶክተር መረራ ጉዲና የታወቁበት ኅብረት ነው። ሁለተኛው በ1997 መጀመሪያ የቆመው ቅንጅት ለአንድነትና ለዴሞክራሲ ሲሆን አባላቱ መኢአድ፣ ኢዴአፓ-መድኅን፣ ቀስተ ደመናና የኢትዮጵያ ዴሞክራሲያዊ ሊግ ነበሩ። መኢአድ ፕሮፌሰር አሥራት ወልደየስ በ1984 ከመሠረቱት ከመአሕድ የወጣና በገጠር ሥር የነበረው ነው፤ ኢዴአፓ-መድኅን ወጣቶቹንና ተከራካሪዎቹን ይዟል፤ ቀስተ ደመና ገና የተወለደ፣ የታወቁ ምሁራን ያሉበት ነው። እያንዳንዱ ሌላው የሌለውን ይዞ መጣ። እውነተኛ መቀናጆ ነበር ማለት ነው።

እኔ ያን ጊዜ ገና ማስተማር የጀመርሁ ወጣት ነበርሁ። የቴሌቪዥን ክርክሩን ለማየት በሻይ ቤት በር ላይ ቆመን ያመሸንበት ጊዜ ከዐይኔ አይጠፋም። ሚያዝያ 30 ቀን መስቀል አደባባይ የሞላው ሕዝብ፣ ግንቦት 7 ቀን ከንጋት በፊት የተሰለፈው መራጭ፣ ይህ ሁሉ የታየው በአንድ አጭር በልግ ነው። አባቴን በስልክ «ማንን መረጥህ?» ብለው «ይህ ይጠየቃል እንዴ ልጄ!» ብሎ ሳቀብኝ። ምርጫው ምስጢር መሆኑን አምኖ ነበር ማለት ነው። ያ እምነት ትልቅ ሀብት ነበር።

የምርጫ ቦርድ በመጨረሻ ይፋ ባደረገው ውጤት ከ547 ወንበር ኢሕአዴግ 327፣ ቅንጅት 109፣ ኅብረት 52 አገኙ። አዲስ አበባ ላይ ቅንጅት 23ቱንም የፓርላማ ወንበር፣ ከ138 የከተማ ምክር ቤት ወንበር ደግሞ 137ቱን ወሰደ። ውጤቱ ተጭበርብሯል ሲል ተቃዋሚው ጮኸ፤ በሰኔ 1997ና በጥቅምት 1998 በተነሣው ሁከት የተገደሉት፣ ፖሊሶችን ጨምሮ፣ 199 ናቸው ሲል የአጣሪ ኮሚሽኑ አባላት ሪፖርት ገለጸ።

በዚህ መካከል ቅንጅት ሁለት ውሳኔ ከፊቱ ተደቀነ። አንደኛው ምክር ቤት እንግባ አንግባ የሚለው ነው። ሁለተኛው፣ ብዙ ያልተነገረለት፣ አራቱ ፓርቲዎች ይዋሐዱ ወይስ እንደ ተቀናጁ ይቆዩ የሚለው ነው። ሕዝቡ «አንድ ሁኑ» እያለ ይጮኽ ነበር፤ በውጭ ያለው ወገናችንም ከዚያ የባሰ ይጫን ነበር። በመስከረም 1998 ውህደት ታወጀ፤ ኢዴአፓ-መድኅን ግን በአካሄዱ ሳይስማማ ቀረ። ከዚያ በኋላ የሆነውን ሁሉም ያውቀዋል። ኃይለኛው ክርክር ከገዥው ፓርቲ ጋር መሆኑ ቀርቶ «ማን ከዳ» የሚል ሆነ። የምክር ቤቱ በር ላይ ሲደረስም አንዱ ገባ፣ አንዱ ቀረ። በጥቅምት መሪዎቹ ታሰሩ፤ በሐምሌ 1999 በይቅርታ ሲወጡ ቅንጅት የሚባለው ስም ብቻውን ቀርቶ ነበር። ስሙም በ2000 በምርጫ ቦርድ ውሳኔ አቶ አየለ ጫሚሶ ለሚመሩት ቡድን ተሰጠ፤ እነ ብርቱካን ሚደቅሳ አንድነት ብለው አዲስ ፓርቲ መሠረቱ።

ለዚህ ሁሉ ጥፋቱን በሁለት እከፍለዋለሁ። ግማሹና ከባዱ የመንግሥት ነው፤ ተሸናፊ መሆንን ወደ እስር ቤት የሚወስድ መንገድ ያደረገ መንግሥት ተቃዋሚው በሰከነ መንፈስ እንዲመክር ሊጠብቅ አይችልም። የቀረው ግማሽ ግን የእኛው ነው። ለአንድ አዝመራ የተቀናጁ በሬዎችን ለዘለዓለም አንድ በረት አግቡ ብለን ጮኽን። ቅንጅቱ የተመሠረተው ለምርጫ ነበር፤ ከምርጫው በኋላ ስላለው ቀን፣ ማለትም ብናሸንፍ ማን ምን ይይዛል፣ ብንሸነፍ ምን እናደርጋለን፣ አንዱ ሊወጣ ቢፈልግ እንዴት ይወጣል ለሚሉት ጥያቄዎች ሁሉም የሚገዛበት መልስ አልነበረም። «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንላለን። አንበሳው ከታሰረ በኋላ ወይም ካመለጠ በኋላ ድሩ ምን እንደሚሆን ግን ተረቱ አይነግረንም።

የሕንዱ ባልደረባዬ

ከጥቂት ዓመታት በኋላ፣ በማስተምርበት ተቋም፣ ከሕንድ የመጣ አንድ መምህር ባልደረባ ነበረኝ። ስለ ቅንጅት ስነግረው ፈገግ አለና «የእኛን ጃናታ ነው የምትነግረኝ» አለኝ። እውነቱን ነበር።

ኢንዲራ ጋንዲ እ.ኤ.አ. በ1975 የአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ አውጀው የተቃዋሚ መሪዎችን አሰሩ። በ1977 መጀመሪያ ሲፈቱ የቀኙ ጃና ሳንግ፣ ሶሻሊስቶቹ፣ የገበሬው ሎክ ዳልና ከኮንግረስ የተገነጠሉት ተሰባስበው ጃናታ ፓርቲ ሆኑ። በመጋቢት 1977 በተካሄደው ምርጫ ኮንግረስን ከነጻነት ወዲህ ለመጀመሪያ ጊዜ ከሥልጣን አወረዱ፤ በግንቦት ውህደቱን በይፋ ፈጸሙ። ሁለት ዓመት ቆዩ። በጠቅላይ ሚኒስትርነት ፉክክርና «የጃና ሳንግ ሰዎች ታማኝነታቸው ለፓርቲው ነው ወይስ ለቀድሞ ማኅበራቸው» በሚል ክርክር በሐምሌ 1979 መንግሥታቸው ወደቀ፤ በጥር 1980 ኢንዲራ በምርጫ ተመለሱ። የተዋሐዱት በጥላቻቸው ነበርና የሚጠሉት ሲወድቅ የሚያያይዛቸው አልቀረም።

ልዩነቱ የሚጀምረው ከዚህ በኋላ ነው። የሕንድ ፖለቲከኞች ከዚያ ውድቀት «ጥምረት አይሆንልንም» የሚል ትምህርት አልወሰዱም። የወሰዱት «ውህደት ሌላ፣ ጥምረት ሌላ» የሚለውን ነው። ከዚያ ወዲህ የመጡት ትልልቅ ጥምረቶች፣ በ1998 በባጅፓዪ የተመራው ብሔራዊ ዴሞክራሲያዊ ጥምረትና በ2004 በማንሞሃን ሲንግ የተመራው የተባበረ ተራማጅ ጥምረት፣ እያንዳንዱ ፓርቲ ስሙን፣ ምልክቱንና አባሉን እንደ ያዘ የሚቆይባቸው ናቸው። እንደ እኛው ሁሉ በምርጫ ጣቢያው አብላጫ ድምፅ ያገኘ ብቻ የሚያልፍበት ሥርዓት ስላላቸው፣ ከምርጫው በፊት «በዚህ ጣቢያ እናንተ ቁሙ፣ በዚያኛው እኛ» ብለው ይከፋፈላሉ። ከምርጫው በኋላ ደግሞ የሚስማሙባቸውን ጥቂት ነጥቦች ብቻ በጽሑፍ ያሰፍራሉ፤ የማይስማሙባቸውን ይተዋሉ።

መለያየትም ይቻላል። ባጅፓዪ በሚያዝያ 1999 አንድ አጋር ፓርቲ ስለ ከዳቸው በአንድ ድምፅ ብልጫ፣ 270 ለ269፣ ተሸንፈው ሥልጣናቸውን አጡ፤ አገሪቱ ግን ወደ ምርጫ እንጂ ወደ ጫካ አልሄደችም። በ2008 የግራ ፓርቲዎች በኒውክሌር ስምምነቱ ምክንያት ለማንሞሃን ሲንግ ይሰጡት የነበረውን ድጋፍ ሲያነሡ መንግሥት ሌሎችን ፈልጎ በ275 ለ256 ድምፅ ተረፈ። ከሃዲ ተብሎ የታሰረ የለም። በ2024 ምርጫ እንኳ፣ ኃያል የተባለው የሞዲ ፓርቲ ከ543 ወንበር 240 ብቻ ሲያገኝ፣ መንግሥት ለመመሥረት የአንድራ ፕራዴሽና የቢሃር ፓርቲዎችን ደጅ ጠንቷል።

ሕንድን ገነት አድርጌ ማቅረቤ አይደለም። ወንበሩን ለገንዘብ የሚሸጥ ተመራጭ በመብዛቱ በ1985 ፓርቲ የሚቀይር ተመራጭ ወንበሩን የሚያጣበት ሕግ እስከ ማውጣት ደርሰዋል። ነገር ግን ችግራቸው በምክር ቤት ውስጥ ያለ ችግር ነው፤ ሰው የሚድንበት በሽታ ነው።

ሕጉ አለን፤ ልማዱ የለንም

አንባቢ «የእነርሱ ሕገ መንግሥት ፈቀደላቸው» ይል ይሆናል። የእኛም ይፈቅዳል። የ1987ቱ ሕገ መንግሥት አንቀጽ 56 አብላጫ ወንበር ያገኘ ፓርቲ «ወይም የፓርቲዎች ጥምር» መንግሥት እንደሚመሠርት ይደነግጋል። አንቀጽ 60 ደግሞ ከዚህ ርቆ ይሄዳል፤ ጣምራ መንግሥት አብላጫውን አጥቶ ቢፈርስ ርእሰ ብሔሩ ፓርቲዎችን በአንድ ሳምንት ውስጥ ሌላ ጣምራ መንግሥት እንዲመሠርቱ ሊጋብዝ ይችላል፤ ካልተስማሙ ምክር ቤቱ ተበትኖ አዲስ ምርጫ ይደረጋል። የመቀናጆው መፍቻ ሕግ ማለት ይህ ነው። አንቀጹ ከጸደቀ ጀምሮ ግን አንድም ቀን ሥራ ላይ አልዋለም። በ2002 ኢሕአዴግና አጋሮቹ ከ547ቱ 545ቱን ሲወስዱ መድረክ ያገኘው አንድ ወንበር ነው፤ በ2007 ሁሉም 547 የእነርሱ ሆነ። በሰኔ 2013 ብልጽግና ከ436ቱ 410 ሲያገኝ አብን 5፣ ኢዜማ 4 አገኙ።

በዚያ ምርጫ ማግሥት አሸናፊው ፓርቲ ከኢዜማ፣ ከአብንና ከኦነግ ሰዎችን በሚኒስትርነት ሾመ። መልካም ነው ያሉ ነበሩ፤ ከቂም ይሻላልና እኔም አልነቅፈውም። ነገር ግን ጥምረት አይደለም። ሁለት በሬ ያለው ገበሬ ባለ አንድ በሬውን ለምሳ ቢጠራው ደግ ሰው ይባላል፤ ተቀናጁ ግን አይባልም። ተጠሪው ነገ ቢቀር ቀንበሩ አይጎድልምና የሚናገረው ቃል ክብደት የለውም።

ተቃዋሚዎቹ በበኩላቸው አሁንም ሲሰበሰቡ የሚቀናቸው መዋሐድ ነው። ኢዜማ ራሱ በ2011 ሰባት ፓርቲዎች ከስመው የወለዱት ነው። እኔ ውህደትን አልጠላም፤ ሐሳባቸው አንድ የሆነ ይዋሐዱ። ሐሳባቸው የተለያየ ግን ስማቸውን ይጠብቁ፤ ጣቢያ ይከፋፈሉ፤ የሚስማሙባቸውን አምስት ነጥቦች ይጻፉ፤ ስድስተኛ አድርገው እንዴት እንደሚለያዩ ይጻፉ። ስድስተኛው ነጥብ ሟርት አይደለም። መለያያው የታወቀ ስምምነት በየማለዳው በጥርጣሬ አይመረመርም።

እዚህ ላይ ወደ ተውኩት ዐረፍተ ነገር ልመለስ። ይህ ሁሉ የምሁራን ጨዋታ ቢሆን ኖሮ ባልጻፍሁት ነበር። ከነሐሴ 2015 ጀምሮ የአማራ ክልል የገባበት ጦርነት የትውልድ አካባቢዬን አልማረም። የ1960ው ገበሬ ምክር ቤት የሚገባለት ወኪል ስላልነበረው ጠበንጃ አነሣ ብለናል። ከዚያ ወዲህ ሃምሳ አምስት ዓመት አልፎ፣ ሦስት መንግሥታትን አይቶ፣ በ1997 አንድ ማለዳ ከንጋት በፊት ተሰልፎ ድምፁን ሰጥቶ፣ የልጅ ልጁ ተመልሶ እዚያው ጠበንጃው ላይ ከተገኘ በመካከል የጎደለ ነገር አለ ማለት ነው። የጎደለው ጀግና አይደለም፤ ጀግናስ ሞልቶናል። የጎደለው ልዩነቱን እንደ ያዘ አብሮ የሚያርስ፣ ሲበቃውም ሳይገዳደል የሚለያይ የፖለቲካ ልማድ ነው።

አባቴን በመጨረሻዎቹ ዓመታት ስለዚያ መቀናጆ ጠይቄው ነበር። «ጎረቤታችን ቢያታልልህስ ኖሮ?» አልሁት። «ምን ያታልለኛል? የእኔ በሬ ከሌለ የእርሱ ማሳ ጾም ያድራል» አለኝ። እኔ በመጻሕፍት ለዓመታት የፈለግሁትን ሰውየው በአንድ ዐረፍተ ነገር ጨረሰው። ጥምረት በፍቅር አይቆምም፤ እያንዳንዱ የሌላውን በሬ በሚፈልግበትና ሁሉም ይህን በሚያውቅበት ቦታ ይቆማል። ያንን ቦታ ምክር ቤት ውስጥ እስክናበጀው ድረስ ስሙን ብቻ ከገበሬው እየተዋስን እንኖራለን።

ቸር ይግጠመን።